የዣን ቪጎ ካሜራና የእኛ ተራ ቀን



በአጭር ዕድሜው ትልቅ ሥራ ሠርቶ ያለፈ የአንድ ፈረንሳዊ ታሪክ ለመንግሥት ሠራተኛውም ለወጣቱም ይጠቅማል ብዬ ስለማምን፥ ይህን ጽሑፍ በዓምድዎ እንዲያወጡልኝ በትሕትና እለምናለሁ። ዘመኑ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ዣን ቪጎ በ1905 በፓሪስ ተወለደ። ጋዜጠኛ የነበረው አባቱ በ1917 በወህኒ ቤት ሞቶ በመገኘቱ፥ ልጁ በሌላ ስም እየተጠራ በአዳሪ ትምህርት ቤት አደገ። በኋላም የሳንባ ነቀርሳ ስለያዘው፥ አየሩ እንዲስማማው በሜዲትራኒያን ጠረፍ ወዳለችው ወደ ኒስ ከተማ ሄደ። የሚስቱ አባት በሰጡት ገንዘብም አንድ ያገለገለ የፊልም ካሜራ ገዛ።

ኒስ የባለጠጎች መዝናኛ ነበረች። ቪጎ ግን ከባልደረባው ከቦሪስ ካውፍማን ጋር ሆኖ፥ በባሕሩ ዳር ፀሐይ የሚሞቁትን ሀብታሞች ብቻ ሳይሆን፥ በአሮጌው ሰፈር ልብስ የሚያጥቡትን ድኾችም አነሣ። ሰዎቹ ዐውቀው ጠባያቸውን እንዳይለውጡ፥ ካውፍማን ካሜራውን ሸፍኖ በሕመምተኛ ጋሪ ይቀመጥ፥ ቪጎም ይገፋው ነበር። በ1930 ለሕዝብ የታየው ይህ ድምፅ አልባ ፊልም 25 ደቂቃ ያህል ብቻ ነው።

በ1933 ስለ አዳሪ ተማሪዎች የሠራው ፊልም እስከ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ማብቂያ ታግዶ ቆየ። እርሱም በ1934 በ29 ዓመቱ ሞተ። የተወው አራት ፊልም ብቻ ሲሆን፥ ከ1951 ጀምሮ በፈረንሳይ በስሙ ሽልማት ይሰጣል።

የከፋ መንግሥት በ1897 ሲወድቅ ሲኒማ በፓሪስ ለሕዝብ ከታየ ሁለት ዓመት አልሞላውም ነበርና፥ የዚያ ዘመን ኑሮ በፊልም አለመቅረቱ ማንንም አያስወቅስም። ዛሬ ግን ካሜራ በየኪሱ አለ። ሆኖም ተማሪዎቼን ስለ ከተማችን ያነሡትን እንዲያሳዩኝ ብጠይቃቸው፥ ያገኘሁት ሠርግና ምረቃ ብቻ ነው። በየመሥሪያ ቤቱ የሚነሣውም ስብሰባና ሪባን መቁረጥ ነው። በገበያ ቀን ማር ይዞ የሚወርደውን ገበሬ፥ እንሰት የምትፍቀውን እናት፥ ከጫካ ቡና የሚለቅመውን ወጣት ማን አነሣ? የልጅ ልጆቻችን ሪባኑን አይተው ኑሯችንን ሊያውቁ አይችሉም።

ስለዚህ የትምህርት ቤት ክበባትና የመሥሪያ ቤት ካሜራ ያዦች በዓመት አንድ ተራ ቀን አንሥተው በከተማችን የቡና ሙዚየም እንዲያስቀምጡ አሳስባለሁ። ቪጎ ታሞ ሳለ በአሮጌ ካሜራ የሠራውን፥ እኛ ጤነኞቹ መሥራት አያቅተንም።

አንድ መምህር
ከቦንጋ