ዶክተር ማክኢንዶ እና ያላፈጠጠችው ከተማ



በዚህ ዓምድ የምናነሳቸው ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ የራሳችን ዑለሞችና ሊቃውንት ናቸው። በዚህ እትም ግን ሙስሊም ያልሆኑ የአንድ ሐኪም ሕይወት ይዘን መጥተናል። ምክንያቱን ሳንደብቅ እንንገራችሁ።

ባለፈው ረመዳን ለሱሑር ሻይ ስናፈላ የፈላው ውሃ በአንድ የዶርማችን ወንድም ላይ ተደፋ። ፊቱ፣ አንገቱና ቀኝ እጁ ተቃጠለ። እኛ ተሯሩጠን ያደረግነው የጥርስ ሳሙና መቀባት ነበር። አንዳችን እንቁላል ፍለጋ ወጣ። የቧንቧ ውሃ አሥር እርምጃ ላይ ነበር፤ ማናችንም ግን አላሰብነውም። ሐኪም ቤት ስንደርስ የነርሷ የመጀመሪያ ሥራ እኛ የቀባነውን ከቆሰለው ቆዳ ላይ ማጠብ ሆነ። ወንድማችን ውሃው ሲደፋበት ካሰማው ጩኸት የባሰ የጮኸው ያኔ ነው።

አልሐምዱሊላህ፣ ዳነ። ጠባሳው ግን ቀረ። ወደ ግቢ ሲመለስ ደግሞ ሁለተኛ ጥፋት ሠራን። ከፊላችን አፍጥጠን አየነው፤ ከፊላችን እንዳናየው ዓይናችንን አሸሸን። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ጀመዓ መምጣቱን ትቶ ዶርም ውስጥ ብቻውን መስገድ ጀመረ። ስለ ቃጠሎ ማንበብ የጀመርነው ከዚያ በኋላ ነው። ስናነብም ሁለቱንም ጥፋታችንን ከብዙ ዓመታት በፊት ለይተው ያወቁ ሰው አገኘን።

አርቺባልድ ማክኢንዶ እ.ኤ.አ. በ1900 በኒውዚላንድ፣ በደነዲን ከተማ ተወለዱ። ሕክምናን በዚያው በኦታጎ ዩኒቨርሲቲ ተምረው ለተጨማሪ ሥልጠና ወደ አሜሪካው ማዮ ክሊኒክ ሄዱ። ከዚያም ሥራ አገኛለሁ ብለው ለንደን ቢገቡ የጠበቁት ሥራ የለም። እጃቸውን ይዘው ያስገቧቸው ዘመዳቸው ሰር ሃሮልድ ጊሊስ ናቸው። ጊሊስ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ፊታቸው የፈረሰ ወታደሮችን በማከም የታወቁ ቀዶ ሐኪም ነበሩ። ማክኢንዶ ከእሳቸው የፕላስቲክ ሰርጀሪን ሙያ ተማሩ፤ በዚያ ዘመን የዚህ ሙያ ባለቤቶች በእንግሊዝ በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ።

እ.ኤ.አ. በ1939 ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲጀመር ከለንደን በስተደቡብ በምትገኘው ኢስት ግሪንስቴድ በምትባል አነስተኛ ከተማ፣ በኩዊን ቪክቶሪያ ሆስፒታል ተመደቡ። በ1940 የበጋ ወራት የአየር ጦርነቱ ሲጋጋል የተቃጠሉ አብራሪዎች ወደዚያ ይጎርፉ ጀመር። የተዋጊ አውሮፕላኖቹ የነዳጅ ታንክ ከአብራሪው ፊት ለፊት ስለነበር ታንኩ ሲመታ ነበልባሉ በሰከንዶች ውስጥ ፊቱንና እጁን ይበላዋል። አብዛኞቹ የእኛ ዕድሜ እኩያ፣ የሃያና የሃያ ሁለት ዓመት ወጣቶች ነበሩ።

እዚህ ላይ ቃጠሎ በሰውነት ላይ ምን እንደሚያደርግ መረዳት ያስፈልጋል። ቃጠሎ የቆዳ ጉዳት ብቻ ይመስለናል። ከባድ ሲሆን ግን የደም ሥሮች ግድግዳ ፈሳሽ ማሳለፍ ይጀምራል፤ የደሙ ፈሳሽ ክፍል ወደ ሥጋው እየሰረገ ይወጣል። ለኢንጂነሪንግ ተማሪ ነገሩ ግልጽ ነው፤ ቧንቧው ካፈሰሰ ፓምፑ ደህና ቢሆንም የሚገፋው ነገር ያጣል። የደም ግፊት ይወርዳል፣ ኩላሊት ይደክማል፣ በሽተኛው ሾክ ውስጥ ይገባል። አሜሪካዊው ፕሮፌሰር ፍራንክ አንደርሂል እ.ኤ.አ. በ1921 በኒው ሄቨን የቲያትር ቤት ቃጠሎ የተጎዱ ሰዎችን መርምረው፣ ከቆዳቸው ላይ ውሃ የቋጠረው ፈሳሽ ከደም ፈሳሽ ጋር የሚቀራረብ መሆኑን አሳይተው ነበር። ስለዚህ የመጀመሪያው ሕክምና የጎደለውን ፈሳሽ በደም ሥር መተካት ነው።

የዛሬ ሐኪሞች መነሻ አድርገው የሚጠቀሙበት ስሌት በ1960ዎቹ በዳላስ ከተማ፣ በፓርክላንድ ሆስፒታል የወጣ ነው፤ 4 ሚሊ ሊትር በሰውነት ክብደት፣ ከዚያም በተቃጠለው የሰውነት ክፍል መቶኛ ይባዛል። 60 ኪሎ የሚመዝን ሰው 30 በመቶ ሰውነቱ ቢቃጠል በ24 ሰዓት ውስጥ 7200 ሚሊ ሊትር ማለት ነው። የዚህ ግማሽ በመጀመሪያዎቹ 8 ሰዓታት ይሰጣል፤ ሰዓቱ የሚቆጠረውም ሐኪም ቤት ከደረሰበት ሳይሆን ከተቃጠለበት ቅጽበት ጀምሮ ነው። ሐኪሙም የሽንቱን መጠን እያየ ይጨምራል ወይም ይቀንሳል። ሰው አምጥተን በር ላይ ስንከራከር የምናባክናት እያንዳንዷ ደቂቃ ከዚህ ሒሳብ ትቀነሳለች።

በማክኢንዶ ዘመን ቁስሉ ላይ የሚደረገው መድኃኒት ታኒክ አሲድ ነበር። ቆዳ ፋቂዎች ቆዳ የሚያለፉበት፣ በሻይ ቅጠልም ውስጥ የሚገኝ ዓይነት ንጥረ ነገር ነው። ሐኪሞቹ የመረጡት ያለ ምክንያት አልነበረም፤ ቁስሉ ላይ ደረቅ ቅርፊት ሠርቶ ፈሳሹ እንዳይወጣ ያግዳል ብለው ነው። ነገር ግን ቅርፊቱ ሲደርቅ ይኮማተራል። ጣቶች ተጣጥፈው ይቀራሉ፤ የዓይን ሽፋን ወደ ኋላ ተስቦ ዓይኑ ሳይከደን ይቀራል። ከሥሩ ያለው ቁስልም ሲመረቅዝ አይታይም።

ማክኢንዶ አንድ ነገር አስተዋሉ። አውሮፕላናቸው ተመትቶ ባሕር ላይ የወደቁት አብራሪዎች ቁስል፣ መሬት ላይ ከወደቁት ይልቅ የተሻለ ይድን ነበር። ከዚህ ተነስተው ታኒክ አሲዱን በብርቱ ተቃወሙ። በምትኩ በሽተኞቻቸውን ለብ ባለ፣ በተመጠነ የጨው ውሃ ገንዳ ውስጥ ያጥቧቸው ጀመር። ቁስሉ ይለሰልሳል፣ ፋሻው ሳይቀድ ይለቃል፣ ጣቶችም ውሃው ውስጥ ይንቀሳቀሳሉ። ብዙም ሳይቆይ ታኒክ አሲድን በፊትና በእጅ ላይ መጠቀም ቀረ። ሐኪሙ ከዚያ በኋላ ከሌላ የሰውነት ክፍል ቆዳ እየወሰዱ አፍንጫ፣ ከንፈርና የዓይን ሽፋን ሠሩ። ለአንድ ሰው በርካታ ቀዶ ሕክምና፣ ብዙ ወራት፣ አንዳንዴም ዓመታት ይፈጅ ነበር።

እኛን ከሁሉ በላይ ያስቆመን ግን ቀጥሎ ያደረጉት ነው። ማክኢንዶ ፊት ቢጠገንም ሰውየው ከሰው ከሸሸ ሕክምናው እንዳላለቀ ተረዱ። በሽተኞቹ የሆስፒታል ልብስ ትተው የደንብ ልብሳቸውን እንዲለብሱና ወደ ከተማ እንዲወጡ አደረጉ። የከተማዋንም ሰዎች እንዳያፈጡ፣ ፊታቸውንም እንዳያዞሩ፣ ይልቁንም ወጣቶቹን ቤታቸው እንዲጋብዙ ለመኑ። ሰዉም እሺ አለ። ኢስት ግሪንስቴድ እስከ ዛሬ የማታፈጥጠው ከተማ እየተባለች ትጠራለች።

በሽተኞቹ እ.ኤ.አ. በ1941 ማኅበር አቋቋሙ። ሐኪሙ ስንቱን አዲስ ዘዴ እንደሞከሩባቸው በማሰብ፣ ራሳቸውን የላቦራቶሪ መሞከሪያ በሆነችው እንስሳ ስም የጊኒ ፒግ ክለብ አሉ። ገንዘብ ያዥ ያደረጉት እግሩ የተቃጠለውን ነው፤ ገንዘቡን ይዞ እንዳይሮጥ ብለው። ጸሐፊ ያደረጉት ደግሞ ጣቶቹ የተጎዱትን ነው፤ ደብዳቤ እንዳያበዛ። ጦርነቱ ሲያልቅ አባላቱ 649 ደርሰው ነበር። በዋርዱ ውስጥ የቢራ በርሜል ይቀመጥ እንደነበርም አንብበናል፤ እሱን ለእነሱ ትተን መልካሙን እንወስዳለን። ማክኢንዶ በ1947 የሰርነት ማዕረግ ተቀብለው እ.ኤ.አ. በ1960 አረፉ።

ይህን አንብበን ስንጨርስ ዝም ብለን መቀመጥ አልቻልንም። ወንድማችን ዶርም ሄደን ስለ ጥርስ ሳሙናውም፣ ስለ ዓይናችንም አፉታ ጠየቅነው። ከሁሉ የከበደው የትኛው እንደነበር ነገረን፤ ዓይናችን ነበር። እራት አብረን በላን። ዒሻ ላይ ሶፍ ውስጥ በመካከላችን ቆመ። ይህንን እንድንጽፍም የፈቀደልን እሱው ነው።

ስለዚህ ወንድሞችና እህቶች፣ ዶርም ውስጥ ሰው ቢቃጠል ቀለበቱንና ሰዓቱን ቶሎ አውልቁለት። ቁስሉን ለ20 ደቂቃ ያህል በሚወርድ ቀዝቃዛ ንጹሕ ውሃ አብርዱት፤ በረዶ አታድርጉበት። የጥርስ ሳሙና፣ ቅቤ፣ እንቁላል፣ ሊጥ፣ ቡና አትቀቡት። በንጹሕ ጨርቅ ሸፍናችሁ፣ የቀረውን ሰውነቱን እንዳይበርደው ደርባችሁለት ወደ ሐኪም ቤት ውሰዱት። ፊት፣ እጅ ወይም ሰፊ የሰውነት ክፍል ከተቃጠለ ፈጽሞ አትዘግዩ። የጨው ውሃው ገንዳ ግን የሐኪም ሥራ ነው፤ ዶርም ውስጥ አትሞክሩት።

ሲመለስ ደግሞ ሰላም በሉት፤ እንደ በፊቱ ፊቱን እያያችሁ። አላህ የታመሙትን ሁሉ ያሽርልን፤ ለወንድሞቻችን የምንጠቅም ያድርገን። አሚን።