ጂሚ ማግሮሪ

በሊግ ውድድር ከተሰለፉባቸው ጨዋታዎች ቁጥር ይልቅ ያስቆጠሯቸው ግቦች የሚበልጡ አጥቂዎች በእግር ኳስ ታሪክ እጅግ ጥቂቶች ናቸው። ከእነዚህም አንዱ ስኮትላንዳዊው ጂሚ ማግሮሪ ነው። በ408 የሊግ ጨዋታዎች 410 ግቦችን አስቆጥሯል።

ማግሮሪ በ1904 (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በግላስጎ ከተማ ጋርንጋድ በሚባል የድሆች ሰፈር ተወለደ። አባቱ በጋዝ ማምረቻ ውስጥ በጉልበት ሥራ የሚተዳደር ሰው ነበር። ማግሮሪ ሴንት ሮክስ በተባለ የሰፈር ቡድን ከተጫወተ በኋላ በ1922 ወደ ሴልቲክ ገባ። ሴልቲክ በ1887 ከአየርላንድ ለተሰደዱ የግላስጎ ድሆች መርጃ ገንዘብ ለማሰባሰብ የተቋቋመ ክለብ ስለነበረ፣ ለጋርንጋድ ልጆች እንደ ቤታቸው ነበር።

ማግሮሪ ቁመቱ አጭር፣ ትከሻው ግን ሰፊ ነበር። ይህ አጭር ሰው በይበልጥ የታወቀው በቴስታ መሆኑ ያስገርማል። ከመሬት ብዙም ከፍ ሳትል የምትመጣን ኳስ ሳይቀር ወደ ፊት ተወርውሮ በግንባሩ ይመታት ነበር። በ1925 በስኮትላንድ ዋንጫ ፍጻሜ ሴልቲክ ዳንዲን 2 ለ1 ሲያሸንፍ የመጨረሻዋን ግብ ያስቆጠረው በዚሁ ዐይነት ነው። በጥር 1928 ደግሞ ሴልቲክ ደንፈርምሊንን 9 ለ0 ባሸነፈበት ጨዋታ 8ቱን ግቦች ብቻውን አገባ።

በዚያው ዓመት በጋ ማግሮሪ ከአሠልጣኙ ከዊሊ ሜሊ ጋር በፈረንሳይ አገር ወደምትገኘው ወደ ሉርድ ለመሳለም ተነሣ። መንገዳቸው በለንደን በኩል ነበር። እዚያም ሲደርሱ የአርሰናሉ አሠልጣኝ ኸርበርት ቻፕማን ጠበቃቸው። ሴልቲክ ገንዘብ ያስፈልገው ስለነበረ ተጫዋቹን ለመሸጥ ፈቅዶ ኖሯል፤ ማግሮሪ ግን ይህን አያውቅም ነበር። ቻፕማን ወደ አርሰናል እንዲዛወር ጠየቀው፤ እርሱም እምቢ አለ። ከሉርድ ሲመለሱም ቻፕማን እንደገና ጠብቆ ጠየቀው፤ መልሱ አልተለወጠም። የገንዘቡን ታላቅነት ለመገመት፣ አርሰናል ከጥቂት ወራት በኋላ ዴቪድ ጃክን ለመግዛት ከ10,000 ፓውንድ በላይ መክፈሉን ማስታወስ ይበቃል።

ክለቡ ለዚህ ታማኝነት የከፈለው ዋጋ የሚያሳዝን ነው። ሌሎቹ ነባር ተጫዋቾች በሳምንት 9 ፓውንድ ሲከፈላቸው፣ የማግሮሪ ደመወዝ 8 ፓውንድ እንዲሆን ተደረገ። እርሱም ይህን ያወቀው ከብዙ ዘመን በኋላ ነው። ያም ሆኖ አልተማረረም፤ የሴልቲክን ማልያ መልበስ ከጎደለበት ገንዘብ እንደሚበልጥበት ገልጿል።

በብሔራዊው ቡድን ቦታውን ሂዩጊ ጋላቸር የተባለው ዝነኛ አጥቂ ይዞት ስለነበረ፣ ማግሮሪ ለአገሩ የተሰለፈው 7 ጊዜ ብቻ ነው። ሆኖም በ1933 ከ130 ሺህ በላይ ሕዝብ በተገኘበት በሃምደን ፓርክ፣ ስኮትላንድ እንግሊዝን 2 ለ1 ስታሸንፍ ሁለቱንም ግቦች ያስቆጠረው እርሱ ነበር። በመጋቢት 1936 ደግሞ በማዘርዌል ላይ በሦስት ደቂቃ ውስጥ ሦስት ግቦችን አገባ።

በ1937 መጫወቱን ትቶ የኪልማርኖክ አሠልጣኝ ሆነ። በሚቀጥለው ዓመት በስኮትላንድ ዋንጫ ሴልቲክን ከውድድር ያስወጣው የእርሱ ቡድን ነበር፤ የወደደውን ክለብ ማሸነፍ ምን ያህል እንደከበደው መገመት አያዳግትም። ከ1945 ጀምሮ ለሃያ ዓመት ያህል ሴልቲክን አሠለጠነ። በ1954 ሊጉንና ዋንጫውን አንድ ላይ ወሰደ፤ በ1957 በሊግ ካፕ ፍጻሜ ሬንጀርስን 7 ለ1 አሸነፈ። ይሁን እንጂ ተሰላፊዎቹን በአብዛኛው የሚመርጠው የክለቡ ሊቀ መንበር ሮበርት ኬሊ ነበር። ጨዋነቱና ዝምታው በተጫዋችነት ዘመኑ ያስወደዱትን ያህል በአሠልጣኝነቱ ሳይጎዱት አልቀሩም።

በ1965 ቦታውን ለጆክ ስቲን ለቀቀ፤ እርሱ ግን በዚያው ክለብ የሕዝብ ግንኙነት ሠራተኛ ሆኖ ቀረ። በጥቅምት 1982 በ78 ዓመቱ ዐረፈ። ለሴልቲክ ያስቆጠራቸውን ግቦች ብዛት ከእርሱ በኋላ የመጣ አንድም ተጫዋች አልደረሰበትም።