ያጉቤ በቁስቋም፦ ዛፉ የኛ፣ ስሙ የሱ

ቁስቋም ፍርስራሹ መሐል ሴልፊ ያልተነሳ የጎንደር ልጅ ካለ እጁን ያውጣ። እኔ ደጋግሜ ተነስቻለሁ። እዚያው ቅጥር ውስጥ አንድ ስኮትላንዳዊ የፈንጣጣ ሕሙማን ሲያስታምም እንደነበር ያወቅኩት ግን ኢኮኖሚክስ ተመርቄ ሥራ ስፈልግ ነው። ሥራ የሌለው ሰው ብዙ ያነባል።

ሰውየው ጄምስ ብሩስ ነው፤ ጎንደሮች ያጉቤ ይሉት ነበር። በ1730 (ዘመኑ ሁሉ በፈረንጆቹ ነው) ተወለደ። ሚስቱን ባገባት በወራት ውስጥ በሳንባ ነቀርሳ አጣት። በኋላ አልጀርስ የእንግሊዝ ቆንስል ሆነ። የአባይን ምንጭ ፍለጋ በ1769 ምጽዋ ገባ፣ በየካቲት 1770 ጎንደር ደረሰ።

ሲመጣ ፈንጣጣ እቴጌ ምንትዋብ ቤት ገብቷል። ብሩስ ሐኪም አልነበረም፤ ሕክምና የቀሰመው ሶርያ ውስጥ አሌፖ ከነበረ ዶክተር ነው። በርና መስኮት አስከፈተ፣ ክፍሉን በእጣንና በከርቤ አሳጠነ። የራስ ሚካኤል ልጅ ወልደ ሐዋርያት ሞተ፤ የወይዘሮ አስቴር ልጅ ክንፉ ግን ዳነ። ብሩስም የቁስቋም ቤተኛ ሆነ።

እኔን የሳበኝ ግን ዛፎቹ ናቸው። ብሩስ ኮሶን አስስሎ ጻፈለት። ጥሬ ሥጋ የሚወድ አገር የኮሶ ትል አያጣም፤ መድኃኒቱም እዚያው ደጋ ላይ ይበቅላል። ምግቡ፣ በሽታውና ዛፉ አንድ ሰንሰለት ናቸው ማለት ነው። ኮሶ ደግሞ ጥሩ ጣውላ ስለሚወጣው መጥረቢያ አይምረውም።

በ1771 መጨረሻ ወደ ስናር ሲወርድ ድንበሩ ላይ ብርቱ ተቅማጥ ያዘው። ያዳነው የአገሬው መድኃኒት ነው፦ የዋጊኖስ ሥር ልጥ። ዘሩን ይዞ ሄደ። በ1779 አንድ እንግሊዛዊ ለተክሉ ሳይንሳዊ ስም ሲያወጣለት ብሩሲያ አለው፤ በብሩስ ስም። መድኃኒቱን ባሳዩት ሰዎች ስም አልተሰየመም።

ይህ ብቻ አይደለም። ሥዕሎቹን የሳለለት ጣሊያናዊው ሉዊጂ ባሉጋኒ አብሮት ግሽ አባይ ሄዶ፣ በ1771 ጎንደር ላይ ሞተ። ብሩስ ግን ከጉዞው በፊት እንደሞተ አድርጎ ጻፈ፤ ሥዕሎቹንም የራሱ አደረጋቸው።

ለንደን ሲመለስ ብዙ ሰው ውሸታም አለው። አኩርፎ አገሩ ገባና አምስት ቅጽ መጽሐፉን ያወጣው በ1790 ነው። በ1794 አንዲት እንግዳ ሊሸኝ ሲጣደፍ ከደረጃ ወድቆ ሞተ።

ዋጊኖስ ግን ጉዞውን አላቆመም። በ1970ዎቹ የአሜሪካ ተመራማሪዎች ከሱ ለካንሰር ተስፋ የተጣለበት ንጥረ ነገር አወጡ፤ በሰው ሲሞከር እንደታሰበው አልሆነም እንጂ። ቢሳካ ኖሮስ ትርፉ የማን ነበር? የጤፍን ፓተንት አስታውሱ፤ የሆላንድ ፍርድ ቤት የሰረዘው በቅርቡ፣ በኛው በ2011 ዓ.ም. ነው።

ብሩስን ሌባ ብቻ ብዬ አላልፈውም። ባይጽፍ ኖሮ እኔም ዛሬ ይህን አላውቅም። ግን የሱ መጽሐፍ ሲቀር እኛ ጋ ዛፉም እውቀቱም እያለቀ ነው፤ የሌለ ዛፍ ደግሞ ባለቤትነት አያስከራክርም። ቀጣይ ሴልፊያችሁን ቁስቋም ስትነሱ ከኋላችሁ ያለውን ዛፍ ስም አንድ አዛውንት ጠይቁና ከፎቶው ሥር ጻፉት።