ጩኸትን ዜማ ለማድረግ የደከመ ሰው፤ የሉዊጂ ሩሶሎ አጭር የሕይወት ታሪክ

ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም ይላሉ አባቶቻችን። እኔም ሥዕልንና ሙዚቃን አብሬ ልያዝ ባልሁ ቍጥር አባቴ ይህንኑ ተረት እየጠቀሰ አንዱን ምረጥ ይለኛል። ዘንድሮ ትምህርቴን ስጨርስ መልስ መስጠት ይኖርብኛል። ስለዚህ ሁለቱንም ይዞ የኖረውን የኢጣልያዊውን የሉዊጂ ሩሶሎን ታሪክ መርምሬ ለአንባብያን ማቅረብ ወደድሁ። ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ሩሶሎ በ1885 ዓ.ም. በሰሜን ኢጣልያ ፖርቶግሩዋሮ በምትባል ከተማ ተወለደ። አባቱ የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን መቺ ነበረ። ወንድሞቹ በሚላኖ ሙዚቃ ሲማሩ እርሱ ግን ሥዕልን መረጠ። በ1910 ዓ.ም. ያለፈውን ጥበብ ንቀው የመኪናንና የፋብሪካን ዘመን ከሚያመሰግኑት፣ ፉቱሪስቶች ከተባሉት ሠዓሊዎች ጋር ተባበረ።

ነገር ግን ሙዚቃ ከልቡ አልወጣም። በ1913 ዓ.ም. መግለጫ ጽፎ፣ የትራሙም የሞተሩም የሕዝቡም ጫጫታ ለሙዚቃ መዋል አለበት ሲል አስታወቀ። ጽፎም አልተቀመጠ፤ ከሠዓሊው ከኡጎ ፒያቲ ጋር ሆኖ መሣሪያዎችን ሠራ። መሣሪያው ከፊቱ ትልቅ ጡሩምባ ያለው የእንጨት ሣጥን ነው። በውስጡ ከተወጠረ ቆዳ ጋር የተያያዘ ክር አለ። እጀታው ሲዞር መንኰራኩሩ ክሩን እየፈተገ ያስጮኸዋል፤ ክሩ ሲጠብቅ ድምፁ ይቀጥናል፣ ሲላላ ይወፍራል። መሰንቆን ለሚያውቅ ሰው ነገሩ ፈጽሞ እንግዳ አይደለም፤ የሚፈተግ ጭራና የሚያስተጋባ ቆዳ በእኛም ዘንድ አለና።

በአፕሪል 21 ቀን 1914 ዓ.ም. በሚላኖ ቴያትር መሣሪያዎቹን ለሕዝብ አሰማ። ተመልካቹ ጮኸ፣ አፏጨ፣ ተሳደበ። ጓደኞቹ ከመድረክ ወርደው ከሕዝቡ ጋር ሲደባደቡ ሩሶሎ ግን ኦርኬስትራውን መምራቱን አላቋረጠም።

እነዚህ ሰዎች ጦርነትንም ያወድሱ ነበር። ሩሶሎ ዘምቶ በ1917 ዓ.ም. ራሱን ክፉኛ ቆሰለ። የማኅበሩ መሪ ማሪኔቲማ ኢጣልያ በ1935 ዓ.ም. አገራችንን ስትወር በፈቃዱ ዘመተ። ይህን ሳነብ መጽሐፉን ዘጋሁት። በማግሥቱ ግን የሰውን ብልሃት ከጥፋቱ ለይቶ መማር ይገባል ብዬ እንደገና ገለጥሁት።

ሩሶሎ በ1921 ዓ.ም. በፓሪስ ሙዚቃውን አሰማ። በመጨረሻም ወደ ሥዕሉ ተመልሶ በ1947 ዓ.ም. በማጆሬ ሐይቅ ዳር ሞተ። መሣሪያዎቹ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጠፍተው፣ ከአጫጭር የሸክላ ቅጂዎች በቀር ድምፃቸው አልቀረም። ሆኖም እርሱ በሞተ በዓመቱ ፒየር ሼፈር የተባለ ፈረንሳዊ ከባቡር ጩኸት ሙዚቃ ሠርቶ በራዲዮ አሰማ።

እንግዲህ ጓደኞቼ ሆይ፣ ሩሶሎ ሀብትም ጭብጨባም ብዙ አላገኘም። ቢሆንም የሰማውን ለማሰማት ዓይኑንም ጆሮውንም እጁንም አስተባብሮ ሠራ። ለአባቴ የምሰጠውም መልስ ይኸው ነው፤ አባባ፣ ዛፎቹ ሁለት ቢመስሉም ሥራቸው አንድ ነው።