አንድ ቃል ብለው መዳን ሲችሉ

ከቦሌ ተነሥተን ወደ ፒያሳ ስንወጣ በማዘጋጃ ቤት አጠገብ የአንድ ጳጳስ ሐውልት እናያለን። ብዙዎቻችን ስማቸውን እናውቃለን፤ የመጨረሻ ሰዓታቸውን ግን በሚገባ አላሰብነውም።

አቡነ ጴጥሮስ በ1875 ዓ.ም. በሰላሌ ፍቼ አካባቢ ተወለዱ። የቀድሞ ስማቸው ኃይለ ማርያም ነበር። በቤተ ክርስቲያን ትምህርት በስለው፣ መምህር ሆነው፣ መነኰሱ። በዚያ ዘመን ጳጳስ የሚመጣልን ከግብፅ ብቻ ነበርና በ1921 ዓ.ም. ከአቡነ አብርሃም፣ ከአቡነ ሚካኤልና ከአቡነ ይስሐቅ ጋር ሲሾሙ ለሀገሩ ሁሉ ታላቅ ደስታ ሆነ።

ጠላት ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ። አቡነ ጴጥሮስ በሰላሌ ከነበሩት ከራስ ካሣ ልጆች፣ ከደጃዝማች አበራና ከደጃዝማች አስፋ ወሰን ጋር ሆነው አርበኞችን ያጽናኑ ነበር። አርበኞቹ ከተማዋን ከየአቅጣጫው ሊያስለቅቁ ተማከሩ። ሐምሌ 21 ቀን ጥቃቱ ተጀመረ። ነገር ግን ክረምት ነው፤ ወንዙ ሞልቷል፤ አንዱ ጦር ከሌላው ጋር መልእክት መለዋወጥ አልቻለም። ስለዚህ ሐሳባቸው ሳይሠምር ቀረ፤ አቡነ ጴጥሮስም በጠላት እጅ ወደቁ።

ፍርዱ ቀን እንኳ አልፈጀም። የተጠየቁት ነገር በአፍ ቀላል ነበር፦ ለኢጣልያ መገዛት፣ አርበኞችንም ሽፍታ ብሎ ማውገዝ። እሳቸው ግን ሕዝቡ ለወራሪ እንዳይገዛ ገዘቱ። ሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. መስቀላቸውን እንደያዙ በሕዝብ ፊት በጥይት ተደብድበው ዐረፉ።

ይህ ምርጫ ለጳጳስ ስለሆነ ቀላል ነበር አንበል። አብረዋቸው ከተሾሙት አቡነ ሚካኤል በ1929 ዓ.ም. በጎሬ ተገደሉ፤ አቡነ አብርሃም ግን ከኢጣልያ ሹመት ተቀበሉ። ማዕረጉ አንድ፣ ፈተናው አንድ፣ መልሱ ግን ሁለት ሆነ።

ሐውልታቸው በ2005 ዓ.ም. ለባቡር ሥራ ተነሥቶ በ2008 ዓ.ም. ወደ ስፍራው ተመልሷል። ድንጋይ ይነሣል፣ ይመለሳል፤ የተሰጠ ቃል ግን አንዴ ከተካደ መመለሱ ይከብዳል። ወጣቶች ሆይ፤ እኛን ማንም በጥይት አያስፈራራን ይሆናል። በፈተና ክፍል፣ በሥራ ቦታ፣ በጓደኛ መካከል ግን ለጥቅም ሲባል ሐሰት እንድንናገር እንጠየቃለን። ያን ጊዜ እኚህን አባት እናስታውስ። በረከታቸው ይደርብን፤ አሜን።