ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ፤ የመስቀል ሰልፍና የጎንቾ እስር

ስለ ሸዋው ንጉሥ ስለ ሣህለ ሥላሴ ሲነገር ብዙውን ጊዜ የሚነሣው የግብራቸው ብዛት፣ የመስቀል ሰልፋቸው ግርማና ከውጭ አገር መንግሥታት ጋር ያደረጉት ውል ነው። ይህ ሁሉ እውነት ነው። ነገር ግን ንጉሥን በአደባባይ ብቻ ያየ ሰው ታሪኩን በግማሽ ያያል። በሣህለ ሥላሴ ዘመን በዓል በመጣ ቍጥር አገሩ ሁሉ ወደ ገበታ ሲጠራ፣ ያልተጠሩ የአንድ አባት ልጆች ነበሩ። እኔም በዚህ ጽሑፍ ሁለቱን፣ ማለት ግብሩንና እስር ቤቱን፣ ጎን ለጎን ለማሳየት እሞክራለሁ።

የሸዋ ነገሥታት ቤት ሥሩ መንዝ ነው። በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ17ኛው መቶ ዓመት ማለቂያ ላይ ነጋሲ ክርስቶስ የተባሉት ባላባት ከመንዝ ተነሥተው ጎረቤቶቻቸውን አስገበሩ። ዘሮቻቸውም መርዕድ አዝማች እየተባሉ ከብርዳማው ደጋ ወደ ይፋት ወረዱ፤ በአምኃ ኢየሱስ ጊዜ አንኮበር መናገሻ ሆነ። የአምኃ ኢየሱስ የልጅ ልጅ ወሰን ሰገድ ደግሞ ራስ ተባሉ። ሣህለ ሥላሴ የእኒህ የራስ ወሰን ሰገድና የወይዘሮ ዘነበ ወርቅ ልጅ ናቸው።

በ1805 ዓ.ም. ራስ ወሰን ሰገድ በድንገት በሰው እጅ ተገደሉ። ታላቁ ልጅ በኩሬ በዚያን ጊዜ መርሐ ቤቴ ስለ ነበሩ ከመናገሻው ሩቅ ነበሩ። ገና ለጋ ወጣት የነበሩት ሣህለ ሥላሴ ግን በእናታቸው አገር በሰላ ድንጋይ ከካህናት ዘንድ ይማሩ ነበር። ወሬው እንደ ደረሳቸው ገሥግሠው ቁንዲ ገቡ፤ መንዜዎቹ የእናታቸው ወገኖችም ደግፈዋቸው አልጋውን ያዙ። ታላቅ ወንድምየው ከመርሐ ቤቴ እስኪደርሱ ነገሩ አልቆ ነበር።

ከዚህ በኋላ የሆነው ነገር የቤተ መንግሥቱ ልማድ ነው። በኩሬና ሌሎቹ ወንድሞች፣ ከቅርብ ዘመዶቻቸውም አንዳንዶቹ፣ ጎንቾ ወደሚባለው እስር ቤት ተላኩ። ጥፋታቸው መወለዳቸው ነበር። የጥንቶቹ ነገሥታት አምባ ግሸንን፣ ጎንደሬዎቹም ወህኒ አምባን የያዙት በዚሁ ምክንያት ነው፤ የንጉሥ ወንድም ከተፈታ ሠራዊት ያገኛል፤ ሠራዊት ካገኘ አገር ይታመሳል ተብሎ ይታመን ነበር። እንዲህ ብሎ ማመንም ያለ ነገር አልነበረም። በዚያው ዘመን በጎንደር ዐፄዎቹ በመሳፍንቱ እጅ እንደ ዕቃ ሲነሡና ሲቀመጡ፣ ሸዋ በአንጻሩ ጸጥታ ነበረው። የጸጥታው ዋጋ በጎንቾ ይከፈል ነበር።

ሣህለ ሥላሴ አልጋው ሲረጋላቸው ራስ መባልን ትተው ንጉሥ ተባሉ፤ በደጋው ሜዳ ላይም አንጎለላን ቆርቁረው ሁለተኛ መቀመጫቸው አደረጉት። አንድ ዐይናቸው የጠፋ ቢሆንም ከዳኝነት ወንበራቸው የማይለዩ፣ ሌሊት ለጸሎት የሚነሡ፣ የድኻውን አቤቱታ ራሳቸው የሚሰሙ ንጉሥ ነበሩ። ድርቅና ረኃብ በአገሩ በወደቀ ጊዜም የመንግሥቱን ጎተራ ለሕዝብ ከፍተዋል።

ይሁን እንጂ አገሩን ያያያዘው ትልቁ ገመድ በዓል ነበር። ክረምቱ ወጥቶ መስቀል ሲደርስ የየአገሩ ሹማምንት ጭፍራቸውን አሰልፈው በንጉሡ ፊት ያልፋሉ። ነጋሪት በበቅሎ ላይ ተጭኖ ይጐሰማል፤ እምቢልታ ይነፋል፤ ንጉሡ በቀይ ጥላ ሥር ሆነው ይመለከታሉ። ፈረሰኛው እየጋለበ ይፎክራል፤ ግዳይ የጣለ ግዳዩን ይቈጥራል። ይህ ሰልፍ ለዐይን ማማሪያ ብቻ አልነበረም። ፈረሱ የከሳበት፣ ጭፍራው የጐደለበት ሹም በዚያው ቀን ይታወቃል፤ ሹም ሽርም ይከተለዋል። ጥምቀት ሲመጣ ታቦታቱ ከአንኮበር ወደ ወንዝ ይወርዳሉ፤ በፋሲካም አዳራሹ ተከፍቶ ሰው በየማዕርጉ እየገባ ጥሬ ሥጋ ይበላል፣ ጠጅ ይጠጣል። በንጉሥ ገበታ የበላ ሰው በንጉሥ ላይ እጁን ለማንሣት ይከብደዋልና ግብሩም እንደ ጎንቾ ሁሉ የመንግሥት ሥራ ነበር።

እዚህ ላይ ሳይነገር የማይታለፍ ነገር አለ። በየዓመቱ ንጉሡ ወደ ኦሮሞ አገር ይዘምቱ ነበር፤ ከዘመቻው የሚነዳው ከብት ብዙ ነበር። በአንኮበር የሚቈረጠው ሥጋ ከማን በረት እንደ መጣ የሚያውቀው የተዘረፈው ገበሬ ነው። የግብሩን ደግነት ስናወሳ ይህን ገበሬ መርሳት አይገባንም።

የሣህለ ሥላሴ ስም እየሰፋ ሲሄድ እንግሊዞች ሻምበል ኮርንዋሊስ ሃሪስን ከቦምቤይ ወደ ሸዋ ላኩ፤ በኅዳር 1834 ዓ.ም. የወዳጅነት ውል ተፈረመ፤ በ1835 ዓ.ም. ደግሞ ሮሼ ዴሪኩር በተባለው ሰው በኩል ከፈረንሳይ ጋር ሌላ ውል ሆነ። ሃሪስ የመጣው ከሕንድ ነውና የሸዋ ሰልፍ እንግዳ አይሆንበትም ነበር። በዚያም አገር የማይሶር ራጃዎች ዝናቡ ሲያባራ ደሰራ የተባለውን የሂንዱ በዓል በሰልፍና በዝሆን ያከብሩ ነበር። አንዱ የክርስቲያን፣ ሌላው የሂንዱ በዓል ሲሆን ጊዜያቸው መቀራረቡ የሚያስደንቅ አይደለም፤ መንገዱ ደርቆ ጦር ሊንቀሳቀስ በሚችልበት ወራት ንጉሥ የጭፍራውን ቍጥር ማወቅ ይፈልጋል።

በ1835 ዓ.ም. ገደማ፣ ሃሪስ ከሸዋ ሳይወጣ፣ የንጉሡ ታሪክ መልኩን ለወጠ። ሣህለ ሥላሴ ታመው ነበር። እንግዳው ስለ እስረኞቹ መሳፍንት ለምኗቸው ነበርና፣ ንጉሡ በጎንቾ የቀሩት ዘመዶቻቸው እንዲመጡ አዘዙ። እስረኞቹ በፊታቸው ቀረቡ፤ የእግር ብረታቸውም ተፈታ። አልጋው ከተያዘ ወደ 30 ዓመት ሆኖ ነበር። ልብ በሉ፤ ሲፈራ የኖረው ነገር እስረኞቹ በተፈቱ ጊዜ አልደረሰም።

ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ በጥቅምት 1840 ዓ.ም. ዐረፉ፤ ልጃቸው ኀይለ መለኮትም አልጋውን ወረሱ። በ1848 ዓ.ም. ዐፄ ቴዎድሮስ ሸዋን ሲይዙ ኀይለ መለኮት ታመው ሞቱ። በአንጎለላ የተወለዱት የሣህለ ሥላሴ የልጅ ልጅ ምኒልክም በ11 ዓመታቸው ተይዘው ወደ መቅደላ ተወሰዱ፤ ከዚያ ያመለጡት በ1857 ዓ.ም. ነው። ወንድሞቻቸውን በጎንቾ ያኖሩት ንጉሥ የልጅ ልጃቸው በሌላ ንጉሥ አምባ ላይ ሲያድግ ለማየት አልቈዩም።

ዛሬ ዘውዱ የለም፤ በ1967 ዓ.ም. ተሽሯል። መስቀል ግን አለ፤ በ2006 ዓ.ም. በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ላይ ሰፍሯል። ከመካከላችን ለመስቀል ወደ መንዝ፣ ወደ ግሼ ወይም ወደ መርሐ ቤቴ የሚሄድ ተማሪ ደመራው ሲበራ ስለ ጥንቱ ሰልፍ ለታናናሾቹ መተረክ ይወድ ይሆናል። ይተርክላቸው፤ ነጋሪቱም ፈረሱም ደስ ያሰኛል። ነገር ግን ስለ በኩሬም ይንገራቸው፤ ከመርሐ ቤቴ እስኪደርሱ ወንድማቸው ስለ ቀደማቸው ብቻ ለእስር ስለ ተዳረጉት ሰው።