የሌሎችን ግጥም የሰበሰቡት መምህር ዡ ዚቺንግ

ዘንድሮ በዚህ ገጽ የምናወሳው ስለ አንድ ቻይናዊ መምህር ነው። ከመንደራችን እስከ ቻይና ምን አደረሳችሁ የሚለን አባል እንደማይጠፋ እናውቃለን። ነገሩ ግን ከቀብር ወጪ ስለሚጀምር ለእድርተኛ እንግዳ አይሆንም ብለን ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ዡ ዚቺንግ በ1898 በምሥራቅ ቻይና፣ በጂያንግሱ ክፍለ ሀገር ተወለዱ፤ ያደጉት ያንግዡ በምትባል ከተማ ነው። በ1917 ማለቂያ፣ በብርዱ ወራት፣ ቤይጂንግ ዩኒቨርሲቲ ፍልስፍና ሲማሩ አያታቸው ዐረፉ። (እዚህ ላይ ገና የ19 ዓመት ተማሪ ነውና አንቱታውን ለጊዜው ለአባትየው ብቻ እንተወው።) አባት በሹዡ ከተማ የትምባሆ ቀረጥ ሹም ነበሩ፤ በዚያው ሰሞን ከሥራ ተነሥተው ባዶ እጃቸውን ቀርተዋል። ልጅ አባቱ ዘንድ ሄደና አብረው ለቀብሩ ወደ ያንግዡ ተጓዙ። የቤቱ ዕቃ ገሚሱ ተሸጠ፣ ገሚሱ በመያዣ ተሰጠና የቆየው ዕዳ ተከፈለ፤ የቀብሩ ወጪ ግን እንደገና በብድር ነው የተሸፈነው። ይህን ስናነብ፣ መቼም እኛ የምናውቀውን እናውቃለንና፣ ሆዳችን ባባ።

ከቀብሩ በኋላ አባት ሥራ ፍለጋ፣ ልጅ ደግሞ ወደ ትምህርቱ ለመመለስ እስከ ናንጂንግ አብረው ወጡ። ፑኮ በሚባለው ባቡር ጣቢያ አባት ልጃቸውን ካሳፈሩ በኋላ ለመንገዱ ብርቱካን ሊገዙለት ሄዱ። ሻጮቹ ያሉት ከሐዲዱ ማዶ ነው። እኒያ ወፍራም ሰው በጥቁር የጨርቅ ቆባቸው ሐዲዱን ተሻግረው፣ በሁለት እጃቸው እየተንጠለጠሉ ወደ ማዶው መድረክ ሲወጡ ልጁ ጀርባቸውን አየና አለቀሰ። ነገሩ ይኸው ነው፣ ሌላ የለውም። ከ8 ዓመት በኋላ፣ በ1925፣ ዡ ይህንኑ በአንዲት አጭር ጽሑፍ አሰፈሩት፤ የቻይና ተማሪ ቤቶችም ትውልድ በትውልድ ሲያስተምሩት ኖረዋል። በመካከሉ አባትና ልጅ በደመወዝ ነገር ተቀያይመው ነበር። ጽሑፉ በ1928 በመጽሐፍ ታትሞ ያንግዡ ሲደርስ፣ አባት መስኮት አጠገብ ተቀምጠው እንዳነበቡት የዡ ታናሽ ወንድም ተርከዋል። ሽማግሌ ያልገባበት ዕርቅ እንበለው።

እኛ ግን በይበልጥ ልናወሳ የተነሣነው ሌላውን ሥራቸውን ነው። እስከ 1917 ገደማ በቻይና ቁም ነገር ተብሎ የሚቆጠረው ግጥም የሚጻፈው በጥንቱ የመጻሕፍት ቋንቋ ነበር፤ ሰው ገበያ ላይ በማይናገረው ማለት ነው። ሁ ሺ የሚባሉ ምሁርና ጓደኞቻቸው ግጥም ሰው በሚናገርበት ቋንቋ ይጻፍ ብለው ተነሡ። ዡም ከዚህ ወገን ገቡ። በጥር 1922 ከዬ ሸንግታው፣ ከዩ ፒንግቦና ከሊዩ ያንሊንግ ጋር ሆነው ስሙ እንዲያው «ግጥም» የተባለ መጽሔት አወጡ፤ ለአዲሱ ግጥም ብቻ የቆመ የመጀመሪያው መጽሔት ነው። ዕድሜው አጭር ነበር፣ ያው መጽሔት አይደል።

በ1925 ቤይጂንግ በሚገኘው በችንግኋ መምህር ሆኑ። በዚያ ዘመን ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የቻይና ሥነ ጽሑፍ ማለት የጥንቱ ማለት ነው። እሳቸው ግን በ1929 የአዲሱን ሥነ ጽሑፍ ጥናት የሚያስተምሩበት ክፍል ከፈቱ። ትምህርቱ ገና 12 ዓመት ስለሆነው ነገር ነው፤ ደራሲዎቹ በሕይወት አሉ፣ እርስ በርሳቸውም ይነቃቀፋሉ። ይህን እንደ ታሪክ በቅደም ተከተል አስቀምጦ ማስተማር ድፍረት ይጠይቃል፤ በሕይወት ያለን ሰው ማመስገኑም መንቀፉም ያጣላላ! በዚያው ዓመት በኅዳር ባለቤታቸው ስድስት ልጆች ትተው ሞቱ። ትምህርቱ በ1933 ቆመ፤ ማስተማሪያ ማስታወሻቸውም የታተመው በ1982 ነው፣ እሳቸው ከሞቱ ከ34 ዓመት በኋላ።

በ1935 የሻንግሃይ ማተሚያ ድርጅት ሊያንግዩ የ1917–1927ን አዲስ ሥነ ጽሑፍ በ10 ቅጽ ሲያሳትም የግጥሙን ቅጽ ለዡ ሰጠ። ያልነበሯቸውን መጻሕፍት ከወዳጅ እየተዋሱ አነበቡና የ59 ገጣሚዎችን 408 ግጥሞች መረጡ። ገጣሚዎቹንም በሦስት ከፈሏቸው፦ ያለ ቤት መምቻ በነፃ የሚገጥሙ፣ ልኬትና ቤት የሚጠብቁ፣ ነገሩን በምሳሌ ሸፍነው የሚናገሩ። ይህ አከፋፈል ከዚያ በኋላ የተጻፈውን ብዙ ታሪክ መርቷል። እኛን የበለጠ ደስ ያሰኘን ግን ጥቂት ግጥም ጽፎ ዝም ያለውንም ሰው አለመርሳታቸው ነው። ስሙ መዝገብ ላይ ያልሰፈረ ሰው ምን እንደሚገጥመው የእድር ጸሐፊ ያውቀዋል።

የጃፓን ጦር በ1937 ሲገባ ዩኒቨርሲቲዎቹ ተሰደው በ1938 ደቡብ ምዕራብ ቻይና ኩንሚንግ ከተማ ሰፈሩ። ኑሮው ከበደ። ዡ ካፖርት መግዣ ስላልነበራቸው የአገሩ ነጋድያን የሚደርቡትን የሱፍ ካባ ገዝተው በዚያ ያስተምሩ ነበር።

ባልደረባቸው ገጣሚው ዌን ዪዱዎ ሐምሌ 15 ቀን 1946 ኩንሚንግ ውስጥ በጥይት ተገደሉ፤ ለሌላ ለተገደለ ሰው በተደረገ መታሰቢያ ላይ ንግግር ባደረጉበት ቀን። ዡ በ1935ቱ ቅጽ ከማንም አብልጠው ግጥም የወሰዱት ከእኚሁ ሰው ነበር። አሁን ደግሞ የሟቹን ጽሑፍ የሚሰበስበው ኮሚቴ ሰብሳቢ ሆኑ። ጨጓራቸው ቆስሎ፣ ምግብ አልረጋ እያላቸው፣ ብጥስጣሹን ወረቀት እያነበቡ ቅደም ተከተሉን አበጁ።

በሰኔ 1948 አሜሪካ ጃፓንን መልሳ ታጠናክራለች በማለት የአሜሪካንን ርካሽ የርዳታ ዱቄት አንቀበልም የሚል ጽሑፍ ላይ ፈረሙ፤ ቤታቸው ግን ልጅ የሞላበት ነበር። በዚህ ሳቢያ በረሃብ ሞቱ የሚል ወሬ በሰፊው ይነገራል፣ ትክክል አይደለም። የገደላቸው የቆየው የጨጓራ ቁስል ነው፤ ተቀደደና በቀዶ ሕክምና ሳይድኑ ነሐሴ 12 ቀን 1948 ዐረፉ። የዌን ዪዱዎ ሥራዎች በ4 ቅጽ በዚያው ዓመት ታትመው ወጡ።

ተማሪያቸው ዋንግ ያው በ1951 የአዲሱን ሥነ ጽሑፍ ታሪክ የመጀመሪያ ቅጽ አሳተሙ። የዡን የራሳቸውን ጽሑፎች የሰበሰቡት ደግሞ ወዳጆቻቸው ናቸው፤ በ1922 መጽሔቱን አብረዋቸው የጀመሩት ዬ ሸንግታውና ዩ ፒንግቦ ከኮሚቴው ውስጥ ነበሩበት። ያም በ1953 ወጣ፣ እሱም በ4 ቅጽ።